የሲኒማ ዜማ ከሞት ያዳነው ቤተ ሰብ

ሰው ወደ ሲኒማ ቤት በሔደ ጊዜ የተጫዋቾቹን ስም ጠይቆ ይረዳል፤ እንባውን ያመጣበትን ዜማ ማን እንደ ደረሰው የሚጠይቅ ግን ጥቂት ነው። ስለዚህ የኤሪክ ቮልፍጋንግ ኮርንጎልድን ታሪክ ለአንባቢዎቻችን ልንገልጽ ወደድን። ዘመኑን የቈጠርነው በአውሮፓውያን አቈጣጠር ነው።

ኮርንጎልድ በ1897 ዓ. ም. በብርኖ ከተማ ተወልዶ በቪየና አደገ። አባቱ ዩሊዩስ ኮርንጎልድ በታላቅ ጋዜጣ ላይ የሙዚቃን ሥራ እየመረመሩ የሚፈርዱ፥ ብዕራቸው የሚፈራ ሰው ነበሩ። ልጁ ገና በ11 ዓመቱ የደረሰው ባሌት በ1910 ዓ. ም. በቪየና ቤተ መንግሥት ኦፔራ ታየ፤ በ23 ዓመቱም «የሞተችው ከተማ» የተባለው ኦፔራው በአንድ ሌሊት በሐምቡርግና በኮሎኝ ተጫወተ።

በ1934 ዓ. ም. የታወቀው የቴያትር አዘጋጅ ማክስ ራይንሃርት ወደ ሆሊውድ ጠራው። በዚያም ሌሊት ፊልሙን እየደጋገሙ ሲያሳዩት፥ እርሱ ከፒያኖ ፊት ተቀምጦ፥ ጎራዴ ሲመዘዝ ጣቱን እያፋጠነ፥ ፍቅረኞች ሲለያዩ እያዘገመ ዜማውን ይፈልግ ነበር። አባቱ ግን ሥራው ለልጃቸው የሚያንስ ስለ መሰላቸው ወደ ቀድሞው ድርሰቱ እንዲመለስ ይወተውቱት ነበር። ምክሩ የአባት ምክር ነው፤ አንነቅፈውም።

በጥር ወር 1938 ዓ. ም. የዋርነር ኩባንያ ለ«ሮቢን ሁድ» ፊልም ዜማ እንዲደርስለት በቴሌግራም ወደ ሆሊውድ ጠራው። ኮርንጎልድም ሚስቱንና ታናሹን ልጁን ይዞ ከቪየና ተነሣ፤ ታላቁ ልጅ ኤርንስት ከአያቶቹ ዘንድ ቀረ። ፊልሙን ባየ ጊዜ ግን ውጊያና ሩጫ የበዛበት ሆኖ ስላገኘው፥ ከጠባዬ ጋራ አይስማማም ብሎ እንቢ አለ። ወዲያው ሒትለር አውስትሪያን ማስጨነቁ ስለ ተሰማ ሐሳቡን ለውጦ ሥራውን ተቀበለ። በመጋቢት የሒትለር ጦር ቪየና ገባ። ኮርንጎልድ አይሁዳዊ ስለ ነበረ ቤቱ ተወረሰ። ልጁ በዚያች ከተማ ሳለ አባትና እናት እንዴት አድርገው እንዳደሩ ወላጅ የሆነ ሁሉ ያውቀዋል። ደግነቱ ሽማግሌዎቹ የልጅ ልጃቸውን ይዘው በባቡር ከአገር ለመውጣት ቻሉ፤ ቤተ ሰቡም በአሜሪካ ተገናኘ። «ሮቢን ሁድ» በ1939 ዓ. ም. የኦስካርን ሽልማት አስገኘለት፤ ኮርንጎልድ ግን ያ ፊልም ሕይወታችንን አዳነ እያለ ይናገር ነበር።

ሒትለር እስኪወድቅ ድረስ ለኮንሰርት አዳራሽ ላለመድረስ ቈርጦ ነበር። አባቱ በ1945 ዓ. ም. ስለ ሞቱ፥ ሲመኙት የኖሩትን መመለስ በአዳራሽ ሆነው አላዩም። በ1947 ዓ. ም. ያሻ ሃይፌትስ በሴንት ሉዊስ ከተማ የኮርንጎልድን የቫዮሊን ኮንቼርቶ ተጫወተ። የሚያስደንቀው፥ በውስጡ ያሉት ዜማዎች ከሲኒማው የተወሰዱ ናቸው፤ በውሉ ዜማውን ለሌላ ሥራ ለማዋል መብቱን አስጠብቆ ነበርና። ይህን የውል ቃል እጅግ እናመሰግናለን።

በ1949 ዓ. ም. ወደ ቪየና ቢመለስ ዘመንህ አልፏል ተባለ። በ1957 ዓ. ም. በ60 ዓመቱ በሆሊውድ ዐረፈ። ኮንቼርቶው በታላላቅ አዳራሾች ዛሬም ይጫወታል።