ከመዳፍ የማይበልጠው ቆሮሶ

አሞራ ገደል ዓሣ ገበያ ላይ ኪስን የሚፈትነው ከመዳፍ የማይበልጠው ቆሮሶ ነው፤ ይረክሳል። ዓይኑ የጠበበ መረብ የሚጥለውን አስጋሪ ሌሊት ሐይቁ ላይ የሚያየው የለም፤ ቤቱ ግን ልጆች ይጠብቁታል። እሱን ብቻ መውቀስ ይከብደኛል፤ የምንገዛው እኛ ነን። የዓሣ ሀብት ልማትና አጠቃቀም አዋጅ ቁጥር 315 ከወጣበት ከ1995 ዓ.ም. ጀምሮ ሕግ አለ፤ ጓዳችን ድረስ ግን አይገባም።

ለልጅ ልጄ የነገርኳት ስለ ሕጉ አይደለም። እናቲቱ ቆሮሶ እንቁላሏን አፏ ውስጥ ይዛ እንደምትፈለፍል፣ ጫጩቶቿም አደጋ ሲመጣ ተመልሰው እዚያው እንደሚሸሸጉ ነው። ዘር ሳትተካ ከተያዘች ለከርሞ መረቡ ምን ይይዛል?

ልጅቱ የተደረደሩትን ዓሦች አየት አደረገችና «እማማ፣ ይቺ እኮ ገና ልጅ ናት» አለችኝ።

ያን ቀን ምስር በላን።