ካርቱም ድረስ ለኳስ፦ መራመድ ለተሳነው ደጋፊ የጉዞ ስንቅ

የአፍሪካ ዋንጫ የተባለው ታላቅ ውድድር በየካቲት ወር 1949 ዓ.ም. በካርቱም ከተማ ሲጀመር ከሦስቱ ተወዳዳሪዎች አንዷ ኢትዮጵያ እንደ ነበረች፥ ደቡብ አፍሪካ በዘር አድልዎ ሥርዐቷ ምክንያት ስለ ተገለለች ቡድናችን ያለ ጨዋታ ለፍጻሜ እንዳለፈ፥ የካቲት 9 ቀንም አድ ዲባ የተባለው ግብፃዊ አራቱንም ጎሎች ብቻውን አግብቶ 4 ለ 0 እንደ ተረታን የኳስን ታሪክ የሚከታተል ሁሉ ያውቀዋል። የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን የተመሠረተውም በዚያው ወር በዚያችው ከተማ ነው። እንግዲህ በአፍሪካ ዋንጫ ታሪክ ለኢትዮጵያዊ ደጋፊ የመጀመሪያዋ የእንግድነት ሜዳ ካርቱም ናት።

ከዚያ ወዲህ ሁለቱ ጎረቤታሞች በሜዳ ላይ ብዙ ጊዜ ተገናኝተዋል። ከሁሉም ይልቅ በዚህ ትውልድ ልብ የታተመው ጳጉሜን 3 ቀን 2004 ዓ.ም. በሱዳን ምድር 5 ለ 3 የተሸነፍንበት ግጥሚያ ነው፤ ጥቅምት 4 ቀን 2005 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ 2 ለ 0 ባሸነፍን ጊዜ ድምሩ አምስት ለአምስት ሆኖ፥ በሰው ሜዳ ያገባናቸው ሦስቱ ጎሎች ሚዛኑን ደፍተው ከ31 ዓመት በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ መልሰውናልና። ይህን ያህል ፍሬ ያፈራውን ሽንፈት በዓይኑ ለማየት የታደለ ደጋፊ ጥቂት ነው። የዚህ ጽሑፍ ጉዳይ ግን ልባቸው እዚያ ሳለ እግራቸው ስላልታዘዘላቸው በየቤታቸው ስለሚቀሩት ነው፦ በልጅነቱ ፖሊዮ ስለ መታው፥ በመኪና አደጋ አከርካሪው ስለ ተሰበረ፥ በጦር ሜዳ እግሩን ስለ አጣ፥ ወይም ዕድሜ ተጭኖት ሃያ ደረጃ መውጣት እንደ ተራራ ስለሚከብደው ሰው።

አንባቢ ዛሬ ስለ ካርቱም ጉዞ መጻፍ ምን ይረባል ቢል አይፈረድበትም። ሚያዝያ 7 ቀን 2015 ዓ.ም. የተቀሰቀሰው ጦርነት ያችን ከተማ እጅግ ጎድቷታል፤ የኦምዱርማኖቹ አል ሂላልና አል መሪክ ተሰደው በሞሪታንያ ሊግ እስከ መጫወት ደርሰዋል፥ ብሔራዊ ቡድናቸውም እንግዶቹን በሊብያዋ ቤንጋዚ ሲቀበል ታይቷል። እኛስ ብንሆን ጦርነቱ ሳይሆን የስታዲየሞቻችን መጓደል ከቤታችን አስወጥቶን፥ በስም የኛ የሆነውን የሜዳችንን ግጥሚያ በሞሮኮ፥ በታንዛንያና በኪንሻሳ ስናደርግ ከርመን የለምን? ሁለቱም ሕዝቦች በኳስ ረገድ ዘላለም እንግዳ በሆኑበት በዚህ ዘመን የእንግድነትን ጉዞ ማወቅ ለሁሉም ይጠቅማል፤ ካርቱምም ሙቀቷ፥ አሸዋዋ፥ ወንዟና ደግነቷ ጉዳዩን ከሌሎች ከተሞች ይልቅ አጉልተው ስለሚያሳዩ ከእርሷ መማር ይሻላል።

ከሁሉ አስቀድሞ ሊታወቅ የሚገባው፥ እንዲህ ያለው ጉዞ የሚቃናውም የሚበላሸውም በግጥሚያው ዕለት ሳይሆን ሳምንታት ቀደም ብሎ በሚቀርቡት ጥያቄዎች መሆኑ ነው፤ ጥያቄዎቹም በቁጥር የሚመለሱ መሆን አለባቸው። «ለአካል ጉዳተኛ ይመቻል ወይ?» ብሎ የሚጠይቅ ሰው ከሆቴልም ከስታዲየምም የሚያገኘው መልስ አንድ ነው፤ የኛው «ችግር የለም፥ እንረዳዎታለን» ይላል፥ ሱዳናዊውም «ማፊ ሙሽኪላ» ይላል። መልሱ ከቅን ልብ የሚወጣ ነው፤ ዳሩ ግን የበሩን ስፋት አይናገርም። ይልቅስ ከመንገዱ እስከ ሆቴሉ መግቢያ ስንት ደረጃ አለ? የመታጠቢያ ቤቱ በር ስንት ሳንቲሜትር ነው? መብራት ሲጠፋ ሊፍቱ በጄኔሬተር ይሠራል? አልጋው ከወለሉ ምን ያህል ከፍ ይላል? ብሎ መጠየቅ ይገባል። ብዙዎቹ ተሽከርካሪ ወንበሮች ከ60 እስከ 70 ሳንቲሜትር ስፋት ስላላቸው፥ የሚገፋው እጅ በጉበኑ ሳይላጥ እንዲያልፍ በሩ 80 ሳንቲሜትር መሆን አለበት። የእንግዳ መቀበያው ሠራተኛ ሜትር አውጥቶ እንዲለካና ፎቶግራፉን በስልክ እንዲልክ መለመን ነውር አይደለም፤ ነውሩ አምሽቶ ደርሶ መጸዳጃ ቤት ሳይገቡ ማደር ነው።

በአውሮፕላን የሚሄድ ሰው ከአዲስ አበባ ካርቱም በረራው ሁለት ሰዓት ስለማይሞላ ጉዞውን ቀላል አድርጎ ያስበዋል፤ ፈተናው ግን አየር ላይ ሳይሆን መሳፈሪያውና መውረጃው ላይ ነው። አየር መንገዶች ሁሉ የተሽከርካሪ ወንበር ተጠቃሚን በሦስት መዓርግ ይከፍሉታል። የመጀመሪያው ደረጃ መውጣት የሚችል፥ ረጅም መንገድ ግን መሄድ የማይችል ነው፤ ሁለተኛው በአውሮፕላኑ ውስጥ ጥቂት የሚራመድ፥ ደረጃ ግን የማይወጣ ነው፤ ሦስተኛው እስከ መቀመጫው ድረስ መደገፍ የሚያስፈልገው ነው። ትኬት ሲቆረጥ፥ ቢዘገይ ከበረራው 48 ሰዓት በፊት፥ ከሦስቱ የትኛው እንደ ሆኑ ሳያፍሩ ማስመዝገብ ያሻል። ከኩራት የተነሣ «እኔ እንኳ ትንሽ እራመዳለሁ» ብሎ በመጀመሪያው መዓርግ የተመዘገበ ሰው፥ አውሮፕላኑ ሜዳ መሐል ቆሞ ደረጃው ሲዘረጋለት፥ ማንሻ መኪና ያልታዘዘለት መሆኑን የሚረዳው ያን ጊዜ ነው። ወንበሩ በባትሪ የሚሄድ ከሆነ የባትሪው ዓይነትና ኃይል በጽሑፍ ይጠየቃል፤ የሚነቀል የሊትየም ባትሪ ከ300 ዋት ሰዓት በላይ ከሆነ አይፈቀድምና። ወንበሩን ለሻንጣ ሠራተኞች ከማስረከብ በፊት በአራቱም በኩል ፎቶግራፍ ማንሣት፥ የሚነቀለውን የእግር ማሳረፊያና ትራስ ነቅሎ በእጅ መያዝ የልምድ ጥበብ ነው።

በጎንደር፥ በመተማና በጋላባት አድርጎ በየብስ የሚጓዘውስ? የዚያ መንገድ ነገር ቁጭ ብሎ መቆየት ነው፤ ከገዳሪፍ እስከ ካርቱም ያለው ብቻ ከ400 ኪሎ ሜትር ይበልጣል። አከርካሪው የተጎዳ ሰው የተቀመጠበትን ሥጋ ሕመም ስለማይሰማው፥ በአንድ ቀን ጉዞ የተጀመረ ቁስል ወራት አልጋ ላይ ሊያውለው ይችላል፤ ስለዚህ በየሩብ ወይም በየግማሽ ሰዓቱ በክንዱ ተደግፎ ከመቀመጫው ብድግ ማለት፥ ወይም ወደ ግራና ወደ ቀኝ ማዘንበል አለበት። መጸዳጃ ቤት እንዳያስቸግር ብሎ ውኃ አለመጠጣት፥ ብዙዎች እንደ ብልኀት የሚቆጥሩት፥ በዚያ ሐሩር ራስን መጉዳት ነው።

ሐሩሩን ካነሣን፥ ካርቱም ከሚያዝያ እስከ ሰኔ ከ40 ዲግሪ በላይ የምትሞቅ ከተማ ናት፤ ለጤነኛው የሚያስመርር ሙቀት አከርካሪው ከደረቱ በላይ ለተጎዳ ሰው ግን የሕይወት አደጋ ነው፥ ከጉዳቱ በታች ያለው አካሉ ላብ ስለማያመነጭ ሙቀቱን ማስወጣት አይችልምና። ግጥሚያው ማታ ቢሆንም እንኳ ወደ ስታዲየሙ የሚሄዱት ገና ፀሐይ ሳለች ነው። የወንበሩ የብረት ቀለበት በፀሐይ ሲግል መዳፍን ያቃጥላል፤ ስለዚህ የቆዳ ጓንት፥ የሚረጭ ውኃ ያለበት ጠርሙስ፥ ለአንገትም እርጥብ ፎጣ ከባንዲራው ጋር አብሮ የሚታሸግ ዕቃ ነው። ሃቡብ የሚሉት የአቧራ ማዕበል ሲነሣም መንቀሳቀስ ትቶ ከግድግዳ ሥር መጠለል ይሻላል።

ከተማይቱ በእውነቱ ሦስት ከተማ ናት፦ ካርቱም፥ ባሕሪና ኦምዱርማን፥ ጥቁርና ነጭ ዓባይ ተገናኝተው የሚለያዩአቸው። ትልልቆቹ የአል ሂላልና የአል መሪክ ሜዳዎች፥ ሰማያዊው ዕንቍና ቀዩ ምሽግ በመባል የሚታወቁት፥ በነጭ ዓባይ ማዶ በኦምዱርማን ናቸው። ኢትዮጵያውያን ግን ከጥንት ጀምሮ እስከ ጦርነቱ ድረስ ወገን አለን ብለው ያርፉ የነበሩት በካርቱም በኩል፥ በዴምና በጀሬፍ ሰፈሮች፥ የእንጀራና የቡና ሽታ በማይጠፋበት ነው። ወገን መኖሩ መልካም ነው፤ ዳሩ ግን በግጥሚያ ዕለት ድልድዩ በመኪና ይጨናነቃልና፥ በእግሩ ወርዶ መሻገር የማይችል ሰው ወይ እኩለ ቀን ላይ መሻገር ወይም ያንን ሌሊት በኦምዱርማን ማደር ይኖርበታል። ስለ መጓጓዣው የሆነ እንደ ሆነ፥ ራክሻ የሚሏት ባለሦስት እግር ወለሏ ዝቅ ያለ ስለሆነ ከወንበር ወደ እርሷ መሸጋገር ይቀላል፤ ዳሩ ግን ወንበሩን የምታኖርበት ስፍራ የላትም። አምጃድ የሚባለው ትንሹ መኪና በሩ ወደ ጎን የሚንሸራተት ሆኖ የታጠፈ ወንበር ከኋላ ይይዛልና፥ ለመሄጃም ለመመለሻም አንድ የአምጃድ ሾፌር ተነጋግሮ መያዝ ከሁሉ ይመረጣል። የኦምዱርማን መንገዶች ከዋናው አስፋልት ሲወጡ አሸዋ ናቸው፤ በአሸዋ ላይ ትንንሾቹ የፊት ጎማዎች ይቀበራሉ። ያን ጊዜ ረዳቱ ወንበሩን ወደ ፊት ከመግፋት ይልቅ ወደ ራሱ አዘንብሎ፥ የፊት ጎማዎቹን ከመሬት አንሥቶ፥ ወደ ኋላ እየሄደ በትልልቆቹ ጎማዎች መጎተት አለበት።

በስታዲየሙ በር ሌላ ዓይነት ሥራ ይጠብቃል። አንድ በአንድ የሚያስገባው ጠባብ የብረት በር ወንበር አያሳልፍም፤ ስለዚህ ለመኪና የሚከፈተው ሰፊ በር የት እንደ ሆነ፥ ቁልፉስ በማን እጅ እንዳለ አስቀድሞ ማወቅ ያስፈልጋል። ከዚያ በኋላ የሚመጣው ጥያቄ ከሁሉ የተረሳው ነው፦ ጎል ሲገባ ከፊት ያሉት ሲነሡ በወንበሩ የተቀመጠው ምን ያያል? ከፊት ለፊቱ የሰው ጀርባ ብቻ ከሆነ፥ ገንዘብ ከፍሎ የገባው የሌሎችን ደስታ ለመስማት ነው። በጥሩ የተሠራ ስታዲየም የተሽከርካሪ ወንበሩን ስፍራ ከፊቱ ካለው ረድፍ ከፍ አድርጎ፥ ለረዳቱም ከጎኑ መቀመጫ ይተዋል። በድሮ የሲሚንቶ እርከኖች ዘንድ ይህ ስለማይገኝ፥ የተሻለው ምርጫ ብዙ ጊዜ ከሜዳው አጠገብ በሩጫው መም ዳር መቀመጥ ነው፤ እርሱም ቢሆን የባለ ሜዳውን ፌዴሬሽን የጽሑፍ ፈቃድ ይጠይቃል፤ የእንግዳውን ቡድን ማልያ ለብሶ በባለ ሜዳው ደጋፊዎች መካከል እንዳይቀመጥም መጠንቀቅ ነው። ሲያልቅ ሕዝቡ እስኪወጣ ግማሽ ሰዓት መቆየት፥ ሾፌሩንም ለዚያ ሰዓት መቅጠር ይበጃል።

ሱዳናዊ ለእንግዳ ያለው ርኅራኄ ወሰን የለውም፤ ደረጃ ፊት የቆመ ተሽከርካሪ ወንበር ሲያይ ሳይጠየቅ እጅጌውን ሰብስቦ ከሌሎች ጋር ያነሣዋል። እኛም እንዲሁ ነን። በቅፍርናሆም ሽባውን የተሸከሙት አራቱ ሰዎች በሕዝቡ ብዛት በር ስላጡ ጣራውን ከፍተው እንዳወረዱት በየዓመቱ ሲነበብ እንሰማለን፤ እምነታቸውን እናደንቃለን፥ የበሩን ነገር ግን ማንም አያነሣውም። የተሸካሚ ክንድ ደግ ነው፤ ዳሩ ግን ይደክማል፥ ያዳልጠዋልም፤ ወንበሩን በማይያዝበት ስፍራ፥ በእጅ ማሳረፊያው ወይም በጎማው ይዞ ሲያነሣ ብረቱ ተነቅሎ ሰው ይወድቃል። መሸከም የግድ ከሆነ ትእዛዙን የሚሰጠው ተሸካሚው ሳይሆን የሚሸከሙት ሰው ነው፤ የትኛው ብረት እንደሚያዝና መቼ እንደሚነሣ እርሱ ይናገራል። ለዚህም በዐረብኛ «እዚህ ያዝ»፥ «ቀስ»፥ «ቁም» ማለትን ከመነሣት በፊት ማጥናት ከመዝገበ ቃላት ሁሉ ይበልጣል።

ሕጉስ አለን። የአካል ጉዳተኞችን መብት የሚመለከተውን ዓለም አቀፍ ስምምነት ሱዳን በ2001 ዓ.ም.፥ ኢትዮጵያ በ2002 ዓ.ም. አጽድቀዋል፤ ሠላሳኛው አንቀጹም ስለ ስፖርት ማዘውተሪያ ስፍራዎች በግልጽ ይናገራል። የሀገራችን የሕንጻ አዋጅ ቁጥር 624/2001 በ36ኛው አንቀጹ የሕዝብ መገልገያ ሕንጻ ሁሉ በወንበር ለሚሄዱና ደረጃ ለማይወጡ መግቢያ እንዲኖረው አዝዟል። የአውሮፓ እግር ኳስ ማኅበራት ኅብረት እስከ ውድድር ፈቃድ ድረስ ሄዶ፥ እያንዳንዱ ክለብ ይህን ጉዳይ የሚከታተል ኃላፊ እንዲሾም ከ2007 ዓ.ም. ጀምሮ ግዴታ አድርጎታል። በእኛ ዘንድ አሁን የሚጎድለው አዋጅ ሳይሆን የሚጠይቅ ሰው ነው።

ስለዚህ ለፌዴሬሽናችንና ለክለቦቻችን የደጋፊ ማኅበራት አንድ ልመና እናቀርባለን። ቡድን ወደ ሰው ሀገር ከመሄዱ በፊት ስለ ሆቴል፥ ስለ ልምምድ ሜዳና ስለ ማልያ ቀለም ለባለ ሜዳው በምትጽፉት ደብዳቤ ላይ ሦስት መስመር ጨምሩ፦ የእንግዳ ደጋፊዎች መግቢያ ስንት ደረጃ አለው? ለተሽከርካሪ ወንበር የሚከፈተው በር የቱ ነው? ለስንት ሰውና ለስንት ረዳት ስፍራ ይሰጣል? የመጣውን መልስም ከትኬቱ ዋጋ ጋር አብራችሁ ለሕዝብ አስታውቁ።