የማጀቢያ ሙዚቃ ባለሙያ መቼ ይጠራ?

ብዙ ጊዜ ፊልም ወደ ስቱዲዮዬ የሚመጣው ኤዲቲንጉ አልቆ፣ የምረቃው ቀን ተቆርጦ ነው። ኤዲተሩ ለጊዜው ብሎ ከውጭ ፊልም የለጠፈው ሙዚቃም አብሮ ይመጣል። ዳይሬክተሩ ደጋግሞ ስለሰማው ጆሮው ለምዶታል፤ «ይህን የመሰለ ሥራልኝ» ይላል። እኔ በቅድሚያ ያንን ሙዚቃ ዘግቼ ፊልሙን ከነንግግሩ ብቻ አየዋለሁ። የተለጠፈውን አስመስሎ መሥራት ይቻላል፤ ፊልሙ ግን የራሱ ድምፅ ሳይኖረው ይቀራል።

ችግሩ የእኛ አገር ብቻ አይደለም። ስታንሊ ኩብሪክ ለ«2001፦ ኤ ስፔስ ኦዲሲ» አሌክስ ኖርዝን ሙዚቃ አስደረሰው። በመጨረሻ ግን ለጊዜው ሲጠቀምባቸው የነበሩትን ዓይነት ቀድሞ የተደረሱ ሥራዎች፣ የሪቻርድ ስትራውስንና የሊጌቲን ጭምር፣ መርጦ የኖርዝን ጣለው። ኖርዝ ሙዚቃው መውጣቱን ያወቀው ፊልሙ ሲታይ ነበር። ይህ የሆነው እ.ኤ.አ. በ1968 ነው። በዚያው ዓመት የወጣው የሰርጂዮ ሊዮኔ «ዋንስ አፖን ኤ ታይም ኢን ዘ ዌስት» የሄደው በሌላ መንገድ ነው። ኤንዮ ሞሪኮኔ ዋና ዋና ዜማዎቹን የደረሰው ቀረጻ ሳይጀመር ነበር፤ ሊዮኔም በቀረጻው ቦታ ሙዚቃውን እያስከፈተ ተዋንያኑን በዚያ ልክ አንቀሳቀሳቸው። የኩብሪክ ፊልም ታላቅነት አይካድም። ለሙያ ጓደኞቼ የምመኘው ግን የሞሪኮኔን ዕድል ነው።

ቀድሞ መጠራት ለእኛ የተለየ ጥቅም አለው። ማሲንቆ ለሰው ድምፅ በጣም ይቀርባል፤ እናት የታመመ ልጇን እያባበለች ስትናገር ከሥር ካስገባሁት፣ ድምፁን ብቀንሰው እንኳ ቃሏን ይሻማታል። ክራር ሲመታ ድምፁ ቶሎ ስለሚከስም ለንግግር ቦታ ይለቃል። ትዝታ ቅኝት ደግሞ ኃይለኛ ነው። ተመልካቻችን ጥቂት ኖታ እንደሰማ ሆዱ ይባባል፣ ተዋናይዋ ገና አንድ ቃል ሳትተነፍስ። እኔ ስሜቱ መጀመሪያ ከእሷ እንዲመጣ ስለምፈልግ፣ ዜማውን የማስገባው ንግግሯን ጨርሳ ዝም ስትል ነው። ዝምታው ግን አስቀድሞ መቀረጽ አለበት። ፊልሙ ተቆርጦ ካለቀ በኋላ «አምስት ሰከንድ ጨምሩልኝ» ብል ከየት ይመጣል? ስክሪፕቱ ገና በእጃችን ሳለ ቢሆን አንድ መስመር መጻፍ ይበቃ ነበር።

ሙያውን የሚጀምሩ ወጣቶች በብዛት የሚጠይቁኝ ስለ ሶፍትዌርና ስለ ድምፅ ስብስብ ነው። እነዚህ በልምምድ ይመጣሉ። እኔ የምመክራቸው ስክሪፕት ማንበብ እንዲለምዱና ውል ሲፈርሙ ከክፍያው ጎን ስክሪፕቱ የሚደርሳቸውን ቀን እንዲያስጽፉ ነው። መጀመሪያ ላይ ግራ የሚገባቸው ፕሮዲዩሰሮች አሉ፤ ወጪ እንደማይጨምርባቸው ሲረዱ ግን ይፈርማሉ።