ንፍሮና ቆሎ በአንድ ሳህን

የእህል ሰላጣ መሠረቱ ሳይፈጭና ሳይከካ እንደ ፍሬው የተቀቀለ ስንዴ ወይም ገብስ ነው። በላዩ የተቆላ ለውዝ ወይም ሱፍ፣ ዘቢብ ወይም ተምር፣ ሽንኩርትና ቃሪያ ይጨመርበትና በዘይትና በሎሚ ይለወሳል። ለብ ብሎ ወይም ቀዝቅዞ ይበላል። በአንዳንድ የከተማ ምግብ ቤት የምግብ ዝርዝር ላይ ሲታይ የባዕድ ይመስላል። ሥራው ግን ለኢትዮጵያ ማጀት አዲስ አይደለም፤ የተቀቀለው ንፍሮ ነው፣ የተቆላው ቆሎ ነው። አዲሱ ነገር ሁለቱ በአንድ ሳህን መገናኘታቸው፣ ከዚያም ጣፋጭና ጎምዛዛ ነገር መጨመሩ ብቻ ነው።

ስሙ ትንሽ ያሳስታል። ገበያ ላይ «ሰላጣ» ሲባል ሰው የሚያስበው ቅጠሉን ነው። ምግብ ላይ ሲባል ደግሞ ከዋናው ወጥ ጎን የምትቀመጥ፣ ሆድ የማትሞላ ቲማቲምና ቃሪያ ትታሰባለች። የእህል ሰላጣ ቅጠል ሊኖረውም ላይኖረውም ይችላል፤ ሆድ ግን ይሞላል። አንድ ጎድጓዳ ሳህን የበላ ሰው ከሰዓት በኋላ ሌላ ነገር አያምረውም።

ይህ ሰላጣ እንደ ጉንችሬ ላለ የጉራጌ ከተማ ይስማማል። ጉንችሬ የእነሞርና ኤነር ወረዳ ዋና ከተማ ሆና የምትታወቅ፣ በእንሰት አገር የምትገኝ ከተማ ናት። አንትሮፖሎጂስቱ ዊሊያም ሻክ እ.ኤ.አ. በ1966 ስለ ጉራጌ ያሳተመው መጽሐፍ ሕዝቡን ከርዕሱ ጀምሮ ከእንሰት ባህል ጋር ያስተሳሰረው ያለ ምክንያት አይደለም። ከእንሰት የሚሠራው ቆጮ ጉልበት ይሰጣል፣ ሆድ ይይዛል፤ ፕሮቲኑ ግን ጥቂት ነው። ከጎኑ አይብ፣ ሲገኝም ክትፎ የሚፈለገው ለጣዕም ብቻ አይደለም። በጾም ቀን አይቡም ክትፎውም ከገበታ ሲነሱ ያንን ጉድለት የሚሞላው እህልና ጥራጥሬ ነው። ስንዴ፣ ገብስ፣ ባቄላና አተር ደግሞ የጉራጌ ደጋ የሚያውቃቸው ሰብሎች ናቸው። የሚገዙት ዘቢቡ፣ ተምሩና ለውዙ ናቸው፤ እነሱም ከአገሩ ሰው ኑሮ የራቁ አይደሉም። ዘቢብ ለኦርቶዶክሱ የቅዱስ ቁርባን ወይን የሚዘጋጅበት ፍሬ ነው፤ ተምር ለሙስሊሙ የረመዳን ጾም መፍቻ ነው። ሁለቱም እምነቶች ጎን ለጎን በሚኖሩባት የጉራጌ ከተማ እነዚህ ሁለት ደረቅ ፍሬዎች በአንድ መደብር ቢገኙ አይገርምም።

ከሁሉ በፊት እህሉ ይመረጣል። ለጀማሪ የሚቀለው ስንዴ ነው፤ ገለባው በውቂያ ጊዜ ስለሚለቅ ለቅሞ መቀቀል ይበቃል። ገብስ ግን አብዛኛው ዝርያው ገለባውን አጥብቆ ስለሚይዝ በሙቀጫ ተሸክሽኮ ካልተነፋ ጉሮሮ ይከረክራል። ከዚህ ሥራ የሚያሳርፉ ገለባቸውን በቀላሉ የሚለቁ የገብስ ዓይነቶች አሉ፤ ጠመዥና ሰነፍ ቆሎ የሚባሉት ለቆሎ የሚወደዱትም በዚሁ ነው። ኢትዮጵያ በገብስ ዝርያ ብዛት በዓለም የታወቀች ናት። ሩሲያዊው የዕፅዋት ሊቅ ኒኮላይ ቫቪሎቭ እ.ኤ.አ. በ1927 መጥቶ ዘር ከሰበሰበ በኋላ አገሪቱን ከዓለም የሰብል መነሻ ማዕከላት አንዷ አድርጎ መዝግቧታል። ቆየት ብሎም የገብስን ማሳ ቢጫ አድርጎ የሚያቀጭጨውን ቫይረስ የሚቋቋም ባሕርይ ከኢትዮጵያ ገብስ ተገኝቶ በአሜሪካ ካሊፎርኒያ ለሚዘራው ገብስ መድኅን ሆኗል። አጃም ለሰላጣ ይሆናል፤ ነገር ግን ስሙ ሁለት እህል ይጠራበታል። በቀድሞው አጠራር አጃ ከስንዴ ወገን የሆነ ገለባማ እህል ሲሆን ዛሬ በከተማ በፓኬት የሚሸጠው «አጃ» ግን ሌላ ነው። የፓኬቱ አጃ ተዳምጦ የተዘጋጀ ስለሆነ ሲቀቀል ገንፎ ይሆናል እንጂ ሰላጣ አይሆንም።

ቀጥሎ ለቀማ ነው። ስንዴው በሰፌድ ሲንገዋለል ገለባው ወደ ጫፍ ይሸሻል፣ ጠጠሩ ወደ ታች ይቀራል፤ የቀረውን ጣት ያወጣዋል። ዓይን ማረፍ ያለበት እንክርዳድ ላይ ነው። ከስንዴ ጋር አብሮ የሚበቅል፣ ቀጠን ያለ ፍሬ ያለው አረም ሲሆን በብዛት ከተበላ ራስ ያዞራል፣ ያሰክራልም። ተፈጭቶ ዱቄት ሲሆን አይታይም፤ በፍሬው በሚበላ ምግብ ግን አንድ በአንድ ማውጣት ይቻላል። ስለዚህ በዚህ ቦታ መቸኮል አያስፈልግም።

ለስድስት ሰው ሁለት ኩባያ፣ ማለትም 400 ግራም ገደማ ስንዴ ይበቃል። ሲበስል ከሁለት እጥፍ በላይ ስለሚያብጥ ድስቱ ሰፊ ይሁን። ማታ በቀዝቃዛ ውሃ ተዘፍዝፎ ያድራል። ጠዋት ውሃው ተደፍቶ ስንዴው ታጥቦ ከሦስት እስከ አራት እጥፍ በሚሆን አዲስ ውሃ ይጣዳል። መዘፍዘፉ ሁለት ጥቅም አለው። አንደኛው ማገዶ መቆጠቡ ነው፤ ያደረ ስንዴ በአንድ ሰዓት አካባቢ ሲበስል ያልተዘፈዘፈው እጅግ ይዘገያል። ሁለተኛው ደግሞ በእህል ቅርፊት ውስጥ ያለው ፋይቴት የተባለ፣ ብረትንና ዚንክን አንቆ የሚይዝ ንጥረ ነገር በመጠኑ መቀነሱ ነው።

ከፍታም የራሱ ጣጣ አለው። ውሃ ከባሕር ጠለል እኩል በሆነ ቦታ በ100 ዲግሪ ሲፈላ፣ 2,000 ሜትር ከፍታ ላይ በ93 ዲግሪ ገደማ ይፈላል። ድስቱ እየተንተከተከ እንኳ እህሉ የሚያገኘው ሙቀት ያነሰ ነው። በቆላ ወይም በውጭ አገር የተጻፈ የማብሰያ ሰዓት ለደጋ ሰው የማይሠራው ለዚህ ነው፤ ከሰዓቱ ይልቅ ፍሬውን ማመን ይሻላል። አንድ ፍሬ ወጥቶ በጥርስ ለሁለት ይከፈላል። መሐሉ ነጭ ዱቄት ካሳየ አልበሰለም። ለስልሶ ግን ጥርስን ትንሽ ከተከላከለ ደርሷል። ለንፍሮ ከዚህም አልፎ ፍሬው እስኪፈነዳ ይጠበቃል፤ ለሰላጣ ግን የፈነዳ ስንዴ ስታርቹን እየለቀቀ ሁሉን ያጣብቃል። ፕሬሸር ኩከር ያለው ቤት የከፍታውን ችግር ያመልጣል፤ ያደረ ስንዴ በግማሽ ሰዓት ውስጥ ይወርድለታል።

የበሰለው ስንዴ በወንፊት ይጠለላል። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው፤ ውሃው በደንብ ሳይንጠፈጠፍ ወደ ሳህን ይገለብጠዋል፣ ከዚያ ሎሚውና ዘይቱ ከታች ይተኛሉ። ጠልሎ በንጹሕ ትሪ ላይ ተሰጥቶ እንፋሎቱ ሲወጣለት ይሻላል። ገና ትኩስ እያለ ግን የሎሚው ግማሽና ጨው ይፈስበታል፤ ትኩስ እህል ጣዕም ይጠጣል፣ የቀዘቀዘ እህል ቅባቱን ላዩ ላይ ብቻ ያስቀረዋል።

ሽምብራ ከተጨመረ ለብቻው ተዘፍዝፎ ለብቻው ይቀቀል። ቲማቲምም ሆነ ሎሚ በሚፈላበት ውሃ ውስጥ መግባት የለበትም፤ ጎምዛዛ ነገር የጥራጥሬን ቆዳ ያጠነክራል። ባቄላም አተርም ይሆናል። ግብጦ መራራነቱን እስኪለቅ ለቀናት ውሃው እየተቀያየረ መዘፍዘፍ ስለሚፈልግ ለዚህ ሥራ አይመችም። ጓያ ደግሞ ጭራሽ ባይገባ ይመረጣል፤ በብዛትና ለረጅም ጊዜ ሲበላ እግር የሚያሽመደምድ በሽታ ያመጣል።

ለውዙ አንድ ኩባያ ይበቃል። ስለ ስሙ አንድ ነገር ማንሳት ይገባል፤ «ለውዝ» በዐረብኛ የሌላ ፍሬ፣ የአልሞንድ ስም ነው። በአማርኛ ከመሬት ውስጥ የሚቆፈረው ኦቾሎኒ ስሙን ወረሰው። ኦቾሎኒ በዕፅዋት ምደባ ከባቄላና ከሽምብራ ወገን ነው፤ ግማሽ ያህሉ ቅባት፣ ሩብ ያህሉ ፕሮቲን ነው። የሐረርጌው ባቢሌ በዚህ ምርት ስሙ የታወቀ ነው። ሲገዛ የተጨማደደ፣ የጠቆረና ሻጋታ የሸተተ ፍሬ ተለቅሞ ይጣል፤ ሻጋታው የሚያመነጨው አፍላቶክሲን ጉበትን ይጎዳል፣ ሲቆላም ሙሉ በሙሉ አይጠፋም።

ለውዙ በብረት ምጣድ፣ በለሰለሰ እሳት፣ ሳያቋርጥ እየተማሰለ ይቆላል። ከመቅላቱ በፊት ይሸታል፤ ሽታው ቤቱን ሲሞላ ይወርዳል፣ ምክንያቱም ከምጣድ ከወጣም በኋላ በራሱ ሙቀት መቆላቱን አያቆምም። ሲበርድ በሁለት መዳፍ መካከል ይታሻል፣ ቀዩ ልጣጭ በትንፋሽ እፍ ሲባል ይበናል። ሱፍና ሰሊጥም በዚሁ ምጣድ ተራ በተራ ሊቆሉ ይችላሉ፤ ሰሊጥ ግን በደቂቃ ስለሚያር ከላዩ ዓይን አይነሳም። የተቆላው ሁሉ ወደ ሰላጣው የሚገባው ሊበላ ሲል ነው። ቀድሞ ከገባ እርጥበት ጠጥቶ ይለሰልሳል፣ ቆሎነቱም ይቀራል።

ዘቢብ ግማሽ ኩባያ፣ ተምር ደግሞ አሥር ፍሬ ያህል ይሆናል። ዘቢቡ ለብ ባለ ውሃ አሥር ደቂቃ ቢነከር ያብጣል፤ በሎሚ ጭማቂ ቢነከር ደግሞ ጣዕሙ ይነቃል። ተምሩ ፍሬው ወጥቶለት በቁመቱ ይከተፋል። መጠኑን መጨመር ያጓጓል፣ ግን አይመከርም፤ ደረቅ ፍራፍሬ ውሃው ወጥቶ ስኳሩ የተከማቸበት ነውና ከግማሹ እጅግ የሚበልጠው ስኳር ነው። የስኳር ሕመም ያለበት ሰው ድርሻውን በእጅጉ መቀነስ አለበት። ለሌላውም ቢሆን ጣፋጩ በየሦስት በየአራት ጉርሻው አንዴ ሲያጋጥም ነው የሚጥመው።

ማጣፈጫው ላይ የአገሩ ማጀት ከማንም አያንስም። የሦስት ሎሚ ጭማቂ፣ አራት የሾርባ ማንኪያ ዘይት፣ በደቃቁ የተከተፈ ቀይ ሽንኩርትና ሁለት ቃሪያ መነሻው ነው። በዚያ ላይ ለጾም የተበጠበጠ ሰናፍጭ አንድ ማንኪያ ቢጨመር ዘይቱንና ሎሚውን አዋሕዶ ይይዛቸዋል፤ አፍንጫ የሚሰነፍጠው ኃይሉም ከተምሩ ጣፋጭነት ጋር ሲገጥም ሌላ ጣዕም ይወጣል። ማረቆ በርበሬ ቅርብ በሆነበት አገር ቁንጥጫ በርበሬ መነስነስም ያምራል። ጾም ካልሆነ ደግሞ ትኩስ አይብ ከላዩ ፍርፍር ይደረግበታል። የጉራጌ አይብ ለዚህ ሰላጣ ውጭ አገር በፓኬት ከሚሸጠው ጨዋማ አይብ የተሻለ ነው፤ እርጥብና ለስላሳ ስለሆነ የስንዴውን ጥንካሬ ያረግበዋል።

ይህን የመሰለ ምግብ በብዙ አገር ይገኛል። ቱርኮች አሹሬ የሚሉት ስንዴ፣ ሽምብራ፣ ደረቅ ፍራፍሬና ለውዝ ነክ ፍሬዎች አብረው የሚበስሉበት ጣፋጭ ነው፤ የኖኅ መርከብ ስትቆም ከተረፈው ስንቅ ተሠራ ይሉታል። ዩክሬናውያን በገና ዋዜማ ስንዴ ከማርና ከፍሬዎች ጋር ያቀርባሉ። ለኢትዮጵያዊ ይበልጥ የሚገርመው ግን የግሪክ ኦርቶዶክሶች ኮሊቫ ነው፤ የተቀቀለ ስንዴ ከዘቢብና ከፍሬዎች ጋር ተደባልቆ ለሙታን መታሰቢያ በቤተ ክርስቲያን ይታደላል። በኢትዮጵያም ንፍሮ የለቅሶ ቤት እህል ነው። በጸሎተ ሐሙስም ከስንዴና ከተከካ ባቄላ የሚሠራው ጉልባን ይበላል። ምናልባት ንፍሮ ለምሳ ሰላጣነት ሳይታሰብ የቆየው ከሐዘንና ከሕማማት ጋር ስለተቆራኘ ይሆናል።

በምግብነቱ ሲታይ ስንዴና ገብስ ላይሲን የተባለው የፕሮቲን ክፍል ያንሳቸዋል፤ ሽምብራና ባቄላ ደግሞ በዚሁ የበለጸጉ ናቸው፣ ስለዚህ አንዱ የሌላውን ይሞላል። ገብስ ቤታ ግሉካን የተባለ የሚሟሟ አሠር አለው፤ በቀን 3 ግራም ያህል ማግኘት መጥፎውን ኮሌስትሮል ለመቀነስ እንደሚረዳ ተረጋግጧል። ሎሚው ለጣዕም ብቻ አልገባም፤ ቫይታሚን ሲው ሰውነት ከእህሉ ብረት እንዲወስድ ያግዛል። ከምሳው ጋር የሚጠጣ ሻይና ቡና ግን ያንኑ ብረት ያግዳሉ፤ ቡናው ለአንድ ሰዓት ቢዘገይ ይበጃል። ከአምስት ዓመት በታች ላለ ሕፃን ለውዙ ተፈጭቶ ወይም ደቅቆ ካልሆነ አይሰጥ፤ ሙሉ ፍሬው ያንቃል።

ፍሪጅ በሌለበት ቤት ሰላጣው የዕለት ምግብ ነው። የተቀቀለ እህል ከሁለት ሰዓት በላይ በሙቀት ከቆየ ጀርም ይራባበታል፣ ደግሞ መሞቁም ሁልጊዜ አያድነውም። ፍሪጅ ካለ የጠለለው ስንዴ ሳይለወስ በክዳን ዕቃ ሦስት ቀን ይቆያል፤ በየዕለቱ የሚበላው ያህል ብቻ ይወጣና ሽንኩርቱ ይከተፍበታል፣ ሎሚው ይጨመቅበታል፣ ለውዙም በመጨረሻ ይበተንበታል።