ሳራ በርናር

ሳራ በርናር (1844 – 1923) ፈረንሳያዊት የመድረክ ተዋናይት ስትሆን፣ በፊልም ከተቀረጹት የመጀመሪያዎቹ ታላላቅ የቲያትር ሰዎችም አንዷ ናት። (በዚህ ገጽ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ዝናዋ በአብዛኛው የመጣው ከድምፅዋ ነው፤ «የወርቅ ድምፅ» ይሉት ነበር። ወደ ፊልም ስትገባ ግን ፊልም በአብዛኛው ገና ድምፅ አልነበረውም።

የመድረክ ሕይወት

በፓሪስ ተወልዳ በ1862 የመንግሥት ቲያትር በሆነው በኮሜዲ ፍራንሴዝ ለመጀመሪያ ጊዜ መድረክ ላይ ወጣች። አጀማመሯ ያን ያህል አልነበረም፤ በዓመቱም አንዲት አንጋፋ ተዋናይት በጥፊ መትታ ቲያትር ቤቱን ለቀቀች። ስሟ መታወቅ የጀመረው ከ1866 ወዲህ በኦዴዮን ቲያትር ነው። በ1872 ኮሜዲ ፍራንሴዝ መልሶ ወሰዳት፤ በዚያም የራሲንን «ፌድር» እና የቪክቶር ሁጎን «ኤርናኒ» ተጫወተች።

በ1880 ከቲያትር ቤቱ ጋር እንደገና ተጣልታ ወጣችና የራሷን ቡድን ይዛ ወደ አሜሪካ ተሻገረች። የሚገርመው፣ እዚያም የምትጫወተው በፈረንሳይኛ ነበር። ቋንቋውን የማያውቀው ተመልካች ቃሉ ባይገባውም ድምፅዋን ለመስማት፣ በተለይም መድረክ ላይ ስትሞት ለማየት ይመጣ ነበር። የአሌክሳንደር ዱማ (ልጁ) ተውኔት በሆነው «ባለ ካሜሊያዋ እመቤት» በሳንባ ነቀርሳ የምትሞተውን ማርግሪትን ለብዙ ዓመታት ተጫውታለች።

በ1899 ከፓሪስ ከተማ ቲያትር ቤት ተከራይታ በራሷ ስም ሰየመችው። በዚያው ዓመት ሐምሌትን ራሷ ሆና ተጫወተች፤ ዕድሜዋ ከሃምሳ አልፎ ነበር።

ፊልም

የመጀመሪያ ፊልሟ በ1900 በፓሪስ ዓለም አቀፍ ኤግዚቢሽን የታየ ሲሆን፣ ከሐምሌት የተወሰደ የሁለት ደቂቃ ገደማ የሰይፍ ፍልሚያ ነው። ጥሩ ምርጫ ነበር፤ ፍልሚያ ንግግር አይፈልግም።

ከሁሉ ይበልጥ የሚታወቀው ግን ስለ እንግሊዟ ንግሥት ኤልሳቤጥ ቀዳማዊት በ1912 የወጣው ፊልም ነው። አዶልፍ ዙከር በአሜሪካ የማሳየት መብቱን ገዝቶ በኒው ዮርክ አስመረቀው። በዚያ ዘመን አብዛኛው ፊልም ከአንድ ጥቅል አይበልጥም ነበር፤ ሩብ ሰዓት ቢሆን ነው። ይህ ግን አራት ጥቅል ነበር። ስኬቱ ረጅም ፊልም ገበያ እንዳለው አሳየ፤ የዙከር ድርጅትም ከጊዜ በኋላ ፓራማውንት ሆነ።

ዛሬ ፊልሙን የሚያይ ሰው ትወናዋ የተጋነነ ሊመስለው ይችላል። ካሜራው ራቅ ብሎ አንድ ቦታ ቆሟል፤ እሷም የምትጫወተው የአዳራሹ የመጨረሻ ወንበር ላይ ለተቀመጠ ሰው ነው። እንዲያውም ንግሥቲቱ ትራስ ክምር ላይ ወድቃ ከሞተች በኋላ ሳራ ተነሥታ፣ ልክ እንደ መድረክ፣ ለተመልካች እጅ ትነሣለች። በዚያ ላይ የፍጥነት ጉዳይ አለ፦ በእጅ በሚዘወር ካሜራ በሰከንድ 16 ምስል ገደማ የተቀረጸ ፊልም በ24 ሲታይ እንቅስቃሴው አንድ ተኩል እጥፍ ይፈጥናል። ስለዚህ ያ ሁሉ ጥድፊያ የእሷ ላይሆን ይችላል።

የመጨረሻ ዓመታት

በ1915 በጉልበት ሕመም ምክንያት ቀኝ እግሯ ተቆረጠ። የእንጨት እግር አልፈለገችም፤ በወንበር እየተሸከሟት በአንደኛው የዓለም ጦርነት ግንባር ላሉ ወታደሮች ትጫወት ነበር። ከዚያ ወዲያ ተቀምጣ ወይም ተደግፋ ስትጫወት ዋናው መሣሪያዋ ያው ድምፅዋ ነበር። እሱም ቢሆን የተረፈልን በጥቂት የድምፅ ቅጂዎች ብቻ ነው፤ ከእነዚህ አንዱ የ«ፌድር» ክፍል ሲሆን፣ በጩኸቱ መሐል ድምፅዋን ለመለየት ትዕግሥት ይጠይቃል።

በ1923 ፓሪስ በሚገኘው መኖሪያ ቤቷ ውስጥ ፊልም እየተቀረጸች ሳለ ታማ ወደቀች፤ ማርች 26 ቀን አረፈች። መቃብሯ በዚያው በፓሪስ ፔር ላሼዝ ይገኛል።