በምስክር ወረቀት ላይ የተሳሳተ የልደት ቀን፤ ከሕንድ ፍርድ ቤቶች ልምድ

ተማሪው ትምህርት ቤት ሲገባ በመዝገብ የሚሰፍረው የልደት ቀን ቀላል ነገር ይመስላል። ሆኖም ይኸው ቀን ከመዝገቡ ወደ ፈተና ቅጽ፣ ከቅጹ ወደ ምስክር ወረቀት፣ ከዚያም ወደ ሥራና ወደ ጡረታ ይሻገራል። ታዲያ ስሕተት ቢገኝ ማን ያርመዋል? አቤቱታውስ ለማን ይቀርባል? የሕንድ ፍርድ ቤቶች ይህን ጥያቄ ደጋግመው ስለ መረመሩት፣ ከልምዳቸው ጥቂቱን ለአንባቢያን እናቀርባለን። የሕንድ ዓመታት የተጻፉት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ሕንድ በ1986 የሸማቾች ጥበቃ ሕግ አወጣች፤ በ2019 በአዲስ ሕግ ተተክቷል። በዚህ ሕግ መሠረት ገንዘብ ከፍሎ ዕቃ የገዛ ወይም አገልግሎት ያገኘ ሰው፣ ጉድለት ሲደርስበት በአነስተኛ ወጪ አቤት የሚልባቸው ልዩ ሸንጎዎች ተቋቋሙ። ምስክር ወረቀታቸው የተሳሳተባቸው ሰዎችም «የፈተና ክፍያ ከፍለናልና ሸማቾች ነን» እያሉ ወደነዚሁ ሸንጎዎች ይሄዱ ጀመር።

የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ መልስ በ2009 መጣ። በቢሃር ለሁለት ተፈታኞች አንድ ዓይነት የመፈተኛ ቁጥር ተሰጥቶ የአንደኛው ውጤት ሳይወጣ ቀርቶ ነበር። ሸንጎዎቹ ካሣ ቢፈርዱለትም ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ውሳኔውን ሻረ። ምክንያቱም ፈተና መስጠት፣ ማረም፣ ውጤት መግለጽና ምስክር ወረቀት መስጠት በሕግ የተጣለ አንድ የማይከፋፈል የመንግሥት ተግባር እንጂ የሚሸጥ አገልግሎት አይደለም፤ ክፍያውም በፈተናው ለመካፈል የሚከፈል ነው፤ ስለዚህ ተፈታኙ ሸማች አይባልም የሚል ነው።

ይህ ማለት ግን ስሕተት ሳይታረም ይቅር ማለት አይደለም፤ የሚንኳኳው በር ሌላ ነው ማለት ነው። አመልካቹ በመጀመሪያ ለትምህርት ቤቱና ለፈተና ቦርዱ ያመለክታል፤ እምቢ ከተባለ ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት ይሄዳል። በ2021 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የማዕከላዊ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቦርድን በሚመለከት ጉዳይ ሁለት ነገሮችን ለየ። ምስክር ወረቀቱ ከትምህርት ቤቱ መዝገብ ጋር ሳይስማማ ቢቀር ጉዳዩ እርማት ነው። መዝገቡ ራሱ ስሕተት ነው ከተባለ ግን ለውጥ ነው፤ ለዚህም እንደ ልደት ምስክር ወረቀት ያለ ሕዝባዊ ሰነድ ማቅረብ ያስፈልጋል። ለውጡ ሲፈቀድም የቀድሞው ቀን ሳይጠፋ ከአዲሱ ጎን ይጠቀሳል።

የነገሩን ክብደት የሚያሳይ አንድ ምሳሌ እንጥቀስ። የሕንድ ምድር ጦር አዛዥ የነበሩት ጄኔራል ቪ. ኬ. ሲንግ በትምህርት ምስክር ወረቀታቸው በ1951 እንደተወለዱ ቢገለጽም፣ በወጣትነታቸው ወደ ጦር አካዳሚ ለመግባት በሞሉት ቅጽ ላይ የሰፈረው 1950 ነበር። በ2012 እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሰው አቤቱታቸውን አነሡ፤ በዚያው ዓመትም በ1950 ስሌት ጡረታ ወጡ። አንድ አኃዝ የአገልግሎት ዘመናቸውን አሳጠረባቸው።

በኢትዮጵያ የወሳኝ ኩነቶች ምዝገባ አዋጅ ቁጥር 760 የወጣው በ2004 ዓ.ም. ሲሆን፣ አገር አቀፉ ምዝገባ የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በፊት የተወለደው ብዙው ልጅ ዕድሜው የተጻፈው ወላጅ «በጥምቀት ማግስት» ወይም «በፍልሰታ» ብሎ በነገረን ነው። በዚህ ላይ የዘመን ልዩነት ይጨመራል፤ ከመስከረም 1 እስከ ታኅሣሥ ሦስተኛ ሳምንት ድረስ ልዩነቱ 7 ዓመት፣ ከዚያ በኋላ 8 ዓመት ነው። ሁልጊዜ 8 የሚደምር ጸሐፊ በኅዳር የተወለደውን ልጅ በአንድ ዓመት ያሳንሰዋል።

ስለሆነም እኛ መምህራን የሚከተሉትን ልናዘወትር ይገባናል፦

1. የልደት ቀኑን በቃል ከመስማት ይልቅ ከሰነድ እንገልብጥ፤ የየትኛው ዘመን አቆጣጠር እንደሆነም ከጎኑ እንጻፍ።

2. ወላጅ ወይም አሳዳጊ የተጻፈውን አይቶ እንዲፈርም እናድርግ።

3. ስሕተት ስናገኝ አንፋቅ፤ በአንድ መስመር ሰርዘን፣ ትክክለኛውን ጽፈን፣ ቀንና ፊርማ እናኑርበት፤ ማስረጃውንም እናያይዝ።

4. የፈተና ቅጽ ከመላኩ በፊት እያንዳንዱ ተማሪ የራሱን ስምና ቀን እንዲያነብ ጊዜ እንስጠው።

ተማሪዎችም ከመፈረማችሁ በፊት አንብቡ። ዛሬ በብዕር የሚታረመው አኃዝ፣ ነገ የዓመታት የፍርድ ቤት ምልልስ ሊጠይቅ ይችላል።