መክሊትና ሒሳብ



በጉባኤያችን መዘመር ወይም መስበክ የሚችል ወጣት ሲነሣ እግዚአብሔርን እናመሰግናለን። የሚሥለውን ልጅ ግን ብዙ ጊዜ «ሥራ ፈት» እንለዋለን። በጃናሞራም ሆነ በደባርቅ፣ በቤታችሁ እንዲህ ያለ ልጅ ካለ ይህን ታሪክ ልብ በሉ።

ሠዓሊ ዕዝራ ውቤ እ.ኤ.አ. በ1980 በአዲስ አበባ ተወለደ። በ18 ዓመቱ ወደ አሜሪካ ሄደ፤ እዚያም በማሳቹሴትስ የሥነ ጥበብ ኮሌጅ፣ ቀጥሎም በኒው ዮርክ ሐንተር ኮሌጅ ተማረ። የሚሠራው ስቶፕ ሞሽን አኒሜሽን ነው። ይህም ማለት ሸራ ላይ ይሥላል፣ ፎቶ ያነሣል፣ ሥዕሉን ጥቂት ይለውጣል፣ እንደገና ያነሣል። ፎቶዎቹ በተከታታይ ሲታዩ ሥዕሉ ይንቀሳቀሳል። በሰከንድ 12 ፎቶ ቢታይ ለአንድ ደቂቃ ብቻ 720 ፎቶ ያስፈልጋል። በአንድ ሸራ ላይ ደጋግሞ ስለሚሥል የፊተኛው ሥዕል በኋለኛው ይሸፈናል። የድካሙ አብዛኛው ክፍል በሸራው ላይ አይቀርም።

በ2011 የሠራው «ሒሳብ» የተሰኘው ፊልም ሁላችን የምናውቀው ተረት ነው። አህያ፣ ፍየልና ውሻ ታክሲ ተሳፈሩ። አህያ ሒሳቧን ከፈለች፤ ፍየል ሳትከፍል አመለጠች፤ ውሻ ከፍሎ መልሱን ሳይቀበል መኪናው ሄደ። ስለዚህ መኪና ሲመጣ አህያ አትነቃነቅም፣ ፍየል ትሸሻለች፣ ውሻ እየጮኸ ይከተላል። ዕዝራ በ2015 የአዲስ ቪዲዮ አርት ፌስቲቫልን መሥርቶ የሌሎችም ሥራ በአገራችን እንዲታይ መንገድ ከፍቷል።

ወገኖቼ፣ ከዚህ ምን እንማራለን?

አንደኛ፣ የእጅ ጥበብ ከእግዚአብሔር የሚሰጥ ስጦታ ነው። ዘጸአት 31ን ብናነብ፣ እግዚአብሔር በመንፈሱ እንደ ሞላው የተነገረለት ባስልኤል ሰባኪ ሳይሆን ባለሙያ ነበረ።

ሁለተኛ፣ የማይታይ ድካም ከንቱ አይደለም። የሰንበት ትምህርት አስተማሪ ለዓመታት የሚደክመው እንደዚያ እንደ ተሸፈነው ሥዕል ነው፤ ሰው ባያየውም ጌታ ያየዋል።

ሦስተኛ፣ በማቴዎስ 25 ጌታው ባሪያዎቹን የተሳሰበው በሰጣቸው መክሊት ነው። የልጁን መክሊት እኛ ብንቀብረው ሒሳቡን የምንጠየቀው እኛ ነን።

ታዲያ ምን እናድርግ? ልጆቻችን ከጭቃ በግና ላም መሥራት ያውቃሉ። አንድ የእጅ ስልክ ካለ የጠፋውን በግ ታሪክ በጭቃ ሠርተው፣ በፎቶ አንሥተው ለጉባኤ ማሳየት ይችላሉ። እናበረታታቸው።